የጠፋው ዲኤልኤል የየትኛው ኮምፒውተር ነው?

ሰላም እህቴ። ሌላውም ሰው እንዲከታተል ጥያቄሽን ባጭሩ ልድገመው። ለገሃር አካባቢ ያለ ቢሮ ውስጥ ነው የምትሠሪው። የሂሳብ ፕሮግራማችሁ ፒችትሪ የተጫነው ዋናው መሥሪያ ቤት ሰርቨር ላይ ነው፤ አንቺ ላፕቶፕሽ ላይ ባለው የሪሞት ክላየንት፣ ማለትም ከሩቅ ካለ ኮምፒውተር ጋር በሚያገናኝ ፕሮግራም፣ ትከፍችዋለሽ። ሰሞኑን ክላየንቱ «ቪሲራንታይም140 የሚባል ዲኤልኤል አልተገኘም» እያለ እምቢ አለ። ዲኤልኤል ማለት ፕሮግራሞች ለመሥራት የሚጠሩት አጋዥ ፋይል ነው። ኮምፒውተር ቤት ያለ ልጅ ፋይሉን በፍላሽ ሰጠሽ። ሲስተም32 ውስጥ ጨመርሽው፣ ምንም ለውጥ የለም። ፕሮግራም ፋይልስ ኤክስ86 ውስጥ ባለው የክላየንቱ ፎልደር ስትጨምሪው ደግሞ መልእክቱ ተቀይሮ በ7ቢ የሚያልቅ የስህተት ቁጥር መጣ። አሁን «ደህናውን ዲኤልኤል ከየት ላውርድ?» ነው የምትይው።

ዲኤልኤሉን ለብቻው ከየትም አታውርጂ።

ከብሔራዊ ትያትር እስከ ስታዲየም ባሉ ቢሮዎች እየዞርኩ ኮምፒውተር ነው የምሠራው። ይሄ ችግር ሰኔ 30 ሂሳብ መዝጊያ ሲቃረብ ይበዛል። ሰው ይጣደፋል፣ ፍላሽ ይዘዋወራል። እኔ እንዲህ ዓይነት መልእክት ሳይ መጀመሪያ የምጠይቀው ስለ ፋይሉ አይደለም። መልእክቱን ያወጣው የትኛው ኮምፒውተር ነው? በሪሞት ስትሠሪ ፒችትሪው የሚሮጠው ሰርቨሩ ላይ ነው። ወደ አንቺ የሚመጣው የስክሪኑ ምስል ነው፤ ካንቺ የሚሄደው ደግሞ የኪቦርድና የማውስ ትእዛዝ። ዲኤልኤል የጎደለው ሰርቨሩ ላይ ከሆነ ላፕቶፕሽን ፎርማት ብታስደርጊውም ዋጋ የለውም። ለመለየት ቀላል ነው። ዋይፋዩን አጥፊና ክላየንቱን ክፈቺ። ኔትወርክ ሳይኖር ያው መልእክት ከመጣ ጉድለቱ ያንቺው ማሽን ላይ ነው። መልእክቱ የሚመጣው ፓስወርድ አስገብተሽ ከገባሽ በኋላ ከሆነ ግን ስልክ አንሺና ሰርቨሩን ለሚያስተዳድረው ሰው ንገሪው። ያንቺ ጉዳይ ግልጽ ነው፤ የራስሽን ፎልደር ስትነኪ መልእክቱ ስለተቀየረ ችግሩ እዚያው ላፕቶፕሽ ላይ ነው።

አሁን ልጁ የሰጠሽ ፋይል ምን እንዳደረገ እንይ። ባለ64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሲስተም32 የሚያስቀምጠው የ64 ቢት ፋይሎችን ነው። የ32 ቢቶቹ ያሉት ሲስዋው64 ውስጥ ነው። አዎ፣ ስሙ ተገልብጧል፤ ማይክሮሶፍት ከድሮ ፕሮግራሞች ጋር እንዳይጣላ ብሎ ነው። ክላየንትሽ ኤክስ86 ፎልደር ውስጥ ስላለ ባለ32 ቢት ነው ማለት ይቻላል። እሱ ሲስተም32ን ልፈልግ ቢል ዊንዶውስ ራሱ ወደ ሲስዋው64 ይመልሰዋል። ስለዚህ መጀመሪያ ያስገባሽውን ፋይል ጭራሽ አላየውም። ክላየንቱ ፎልደር ውስጥ ስታደርጊው ግን አገኘው፤ ፕሮግራም ዲኤልኤል ሲፈልግ ከራሱ ፎልደር ነውና የሚጀምረው። ከፈተው፣ ግን ፋይሉ ባለ64 ሆነበት። በ7ቢ የሚያልቀው ቁጥር ብዙ ጊዜ የሚናገረው ይሄንኑ አለመጣጣም ነው።

ከዚህ በላይ የሚያሳስበኝ ሌላ ነገር አለ። ያ ፋይል እንደ ልብሽ ቢሠራስ ኖሮ? ክላየንቱ ፎልደር ውስጥ የገባ ዲኤልኤል ክላየንቱ ያለውን መብት ሁሉ ይዞ ነው የሚሮጠው። የምትጽፊውን ፓስወርድ ማየት ይችላል። ልጁን አልጠረጥርም፤ እሱም ከአንድ ዌብሳይት ነው ያወረደው። ግን የድርጅት ሂሳብ የሚከፈትበት ፕሮግራም ውስጥ ምንጩ ያልታወቀ ፋይል አይገባም። ራይት ክሊክ አድርገሽ ፕሮፐርቲስ ውስጥ ግቢና የማይክሮሶፍት ዲጂታል ፊርማ እንዳለው እዪ። ፊርማ ከሌለው ላፕቶፑን በአንቲቫይረስ ካስፈተሽሽ በኋላ የሪሞት ፓስወርድሽን ቀይሪ።

መፍትሔው ይኸውልሽ። ያስገባሻቸውን ሁለቱንም ፋይሎች አጥፊ። ከዚያ ከማይክሮሶፍት የራሱ ገጽ ላይ ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩተብል የሚባለውን አውርጂ፤ የጠፋው ቪሲራንታይም140 ያለው እሱ ውስጥ ነው። ከ2015 ወዲህ ያሉትን በአንድ የያዘውን ምረጪ። ኤክስ86ንም ኤክስ64ንም ጫኚ። «የኔ ዊንዶውስ 64 ነው» ብለው ኤክስ64ን ብቻ ጭነው «አልሠራም» የሚሉኝ ሰዎች ብዙ ናቸው፤ ክላየንቱ ባለ32 ከሆነ የሚፈልገው ኤክስ86ን ነው። ሁለቱ ተደምረው 50 ሜጋባይት አይሞሉም፣ በሞባይል ዳታም ይወርዳል። «ሪፔር» የሚል ምርጫ ካመጣ እሱን ንኪ። ቻርጀሩን ሰክተሽ ጀምሪ፤ መሀል ላይ መብራት ሄዶ ባትሪው ከከዳሽ ግማሽ ተጭኖ ይቀራል። ሲያልቅ ሪስታርት አድርጊ። ላፕቶፑ የቢሮ ከሆነና የአድሚን ፓስወርድ ከጠየቀሽ የአይቲ ሰዎቻችሁ ይጫኑልሽ።

መጀመሪያውኑ እንዴት ጠፋ? ሰሞኑን ቦታ ለማስለቀቅ ፕሮግራም ያራገፈ ሰው አለ? የፕሮግራሞች ዝርዝር ውስጥ ይሄ ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ በተለያየ ዓመት ተደርድሮ ይታያል። ሰው «ምን ያደርጋል ይሄ ሁሉ፣ ድግግሞሽ ነው» ብሎ ያጠፋዋል። እነዚህ ፋይሎች እንደ እድር ድስት ናቸው፤ የአንድ ቤት አይደሉም፣ ሁሉም ይዋሳል። የ2010ሩ የ2013ቱን ቦታ አይሸፍንም፣ ስለዚህ ሁሉንም ተያቸው። ሌላው ምክንያት ክላየንቱ በኢንስቶለር ሳይጫን ፎልደሩ ከባልደረባ ኮምፒውተር ተገልብጦ ከሆነ ነው። ያኔ ፎልደሩን አጥፍቶ በኢንስቶለሩ እንደገና መጫን ይሻላል። ድምፁ፣ ፕሪንተሩ፣ ኮፒ ፔስቱ የየራሳቸው ዲኤልኤል ሊኖራቸው ስለሚችል አንዱ ከጎደለ ፕሮግራሙ ተከፍቶም ፕሪንት እምቢ ሊል ይችላል።

በዊንዶውሱ የራሱ ሪሞት ዴስክቶፕ ለምትሠሩ ጉዳዩ ይለያል። የዚያ ዋና ዲኤልኤል ኤምኤስቲኤስሲኤኤክስ ይባላል፣ የዊንዶውስ አካል ነው። እሱ ከተበላሸ ኮማንድ ፕሮምፕትን እንደ አድሚን ከፍታችሁ የተበላሹ የዊንዶውስ ፋይሎችን የሚጠግነውን ኤስኤፍሲ የሚባለውን ትእዛዝ ከስካንናው ጋር (sfc /scannow) አስኪዱ።

ሁለቱን ጭነሽ ሪስታርት አድርገሽም ካልተከፈተ መልእክቱን ሙሉውን ፎቶ አንስተሽ እዚሁ ለጥፊው። የፋይሉ ስም በደንብ ይታይ፤ ሰርቨር አድራሻውንና የተጠቃሚ ስምሽን ግን ሸፍኚ።