ስለ አፍሪካ አንድነት፦ ጥያቄና መልስ

ስለ አፍሪካ አገሮች አንድነት የላካችኋቸውን ጥያቄዎች ተራ በተራ ለመመለስ እሞክራለሁ።

ጥያቄ፦ በ1955 ዓ.ም. አዲስ አበባ የተሰበሰቡት መሪዎች አንድ አህጉራዊ መንግሥት ያላቋቋሙት ለምንድን ነው?

መልስ፦ ክርክሩ ከጉባኤው በፊት የተጀመረ ነው። ጋናና ጊኒ የነበሩበት የካዛብላንካ ቡድን ፈጣን የፖለቲካ ውሕደት ሲጠይቅ፣ ናይጄሪያና ላይቤሪያ የነበሩበት የሞንሮቪያ ቡድን ደግሞ በትብብር ቀስ በቀስ መቀራረብን ይመርጥ ነበር። ኢትዮጵያ በውጭ ጉዳይ ሚኒስትሯ በአቶ ከተማ ይፍሩ አማካይነት ሁለቱን ወገኖች ለማቀራረብ ብዙ ደክማለች። ግንቦት 17 ቀን በአፍሪካ አዳራሽ የተፈረመው የአፍሪካ አንድነት ድርጅት ቻርተር (መመሥረቻ ሰነድ) ግን ወደ ሞንሮቪያው ሐሳብ ያደላ ስለነበር፣ የጋናው ፕሬዚዳንት ክዋሜ ንክሩማ የተመኙት አህጉራዊ መንግሥት ሳይመሠረት ቀርቷል። ከተቋቋሙ ሁለትና ሦስት ዓመት ያልሞላቸው መንግሥታት ገና ያገኙትን ሉዓላዊነት መልሰው ያስረክባሉ ብሎ መጠበቅ ከባድ ነበር ብዬ አምናለሁ።

ጥያቄ፦ ታዲያ ቅኝ ገዥዎች ያሰመሩትን ድንበር ለምን አጸኑት?

መልስ፦ ማለቂያ የሌለው ጦርነት እንዳይነሣ ሠግተው ነው። በነጻነት ጊዜ የነበረው ድንበር እንዲከበር በሐምሌ 1956 ዓ.ም. ካይሮ ላይ ሲወሰን ሶማሊያና ሞሮኮ ውሳኔውን አልተቀበሉትም።

ጥያቄ፦ የባህል አንድነት ከፖለቲካው ሊቀድም ይችላል?

መልስ፦ በብዙ ቦታ ቀድሞታል። ሞያሌን ብንወስድ፣ ከተማዋን የኢትዮጵያና የኬንያ ድንበር ለሁለት ይከፍላታል፤ ቦረናዎች ግን በወዲህም በወዲያም አንድ ሕዝብ ናቸው። በየስምንት ዓመቱ በኢትዮጵያ ምድር የሚካሄደው የጉሚ ጋዮ ጉባኤ ሲደርስ፣ ከኬንያ የሚመጡ ወገኖቻቸው አብረው ተቀምጠው ስለ ሕጋቸው፣ ስለ ግጦሹና ስለ ውኃ ጉድጓዱ ይመክራሉ። መንግሥታቱ በከተማዋ የጋራ የድንበር ኬላ ያስመረቁት በ2013 ዓ.ም. ነው፤ ሕዝቡ ግን የጋራ ሸንጎውን ከያዘ ዘመናት አልፈዋል።

ጥያቄ፦ ስዋሂሊስ?

መልስ፦ የአፍሪካ ኅብረት በ2014 ዓ.ም. የሥራ ቋንቋው አድርጎ ተቀብሎታል፤ ደስ ብሎኛል።

ጥያቄ፦ ዛሬ ትልቁ እንቅፋት ምን ይመስልዎታል?

መልስ፦ የሰው እንቅስቃሴ ነው። በአህጉራዊው የነጻ ንግድ ቀጠና ስምምነት መሠረት ንግድ የተጀመረው በታኅሣሥ 2013 ዓ.ም. ሲሆን፣ በጥር 2010 ዓ.ም. የኅብረቱ መሪዎች አዲስ አበባ ላይ የተቀበሉት የሰዎች ነጻ ዝውውር ፕሮቶኮል ግን ለመጽናት የ15 አገሮችን ማጽደቅ ሲጠይቅ ያጸደቁት በጣም ጥቂት ናቸው። ዕቃዋ በቅናሽ ቀረጥ ድንበር የሚሻገርላት ነጋዴ ራሷ ቪዛ አጥታ የምትቀር ከሆነ፣ ገበያውን ማን ይገነባዋል?