በሴት ስም የመዘገብኩት ቁጥር

ጥያቄ፦ እትዬ፣ ካገባ ሰው ጋር በድብቅ 9 ዓመት ሆነኝ። ስልኬ ላይ በሴት ስም ነው የመዘገብኩት። በቀደም ሆስፒታል መተኛቱን የሰማሁት ከ4 ቀን በኋላ ነው። ሄጄ በር ላይ ቆምኩ። ሚስቱ ግንባሩን በፎጣ ስትጠርግለት አየሁና ተመለስኩ። «ልጆቹ ይደጉ» ይለኛል። 38 ዓመቴ ነው። ልጠብቀው?

መልስ፦ የኔ እህት፣ አትጠብቂው። በር ላይ የቆምሽው ነገር ከዓይኔ አልጠፋም። «እግዜር ይማርህ» እንኳ ሳትይው ተመለስሽ! ልጆቹ እኮ 9 ዓመት አድገዋል፤ እሱ ግን ዛሬም ቀን አልቆረጠልሽም። ደግሞ ፎጣ የያዘችው ሴትም ተበድላለች፤ ይህን ሳልነግርሽ ማለፍ አልቻልኩም። ዛሬውኑ ለምታምኛት ሰው ሁሉንም ንገሪ፤ ብቻሽን ይዘሽው ነው እንዲህ የከበደሽ። ከዚያ ለእሱ በቃኝ በይውና ቁጥሩን አጥፊ። ቢደውል አታንሺ። ሲብስብሽ ለእኔ ጻፊልኝ።