በወረዳ ቅጥር ላይ በሕዝብ ስም መክሰስ ይቻላል ወይ ላልከው

ጥያቄህን አነበብኩት ወንድሜ። ኬንያና ሕንድ ማንም ሰው ተነስቶ «ይሄ ሹመት ሕግ ጥሷል» ብሎ ይከሳል፣ እኛ ጋ ወረዳው ዘመድ አዝማድ ሲቀጥር እኔ ለምን በሕዝብ ስም አልከስም ነው ያልከው። እዚሁ ሰሜን ሸዋ በአንድ ወረዳ የቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ አባል ነበርኩ፣ አሁን ደብረ ብርሃን ለሰው ማመልከቻ እጽፋለሁ። ያየሁትን ልንገርህ።

በሕዝብ ስም ከሄድክ ከበር ነው የምትመለሰው። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 33 ከሳሽ በጉዳዩ መብት ወይም ጥቅም እንዲኖረው ይጠይቃል። ስለዚህ ዳኛው መጀመሪያ የሚጠይቅህ «አንተ ተወዳድረሃል ወይ?» ብሎ ነው። ካልተወዳደርክ ቅጥሩ የቱንም ያህል የተበላሸ ቢሆን ወደ ፍሬ ነገሩ አይገባም። አንድ ሰሞን የሰፈር ልጆች ተሰባስበው ክስ አቀረቡ። አቤቱታው ቆንጆ ነበር፣ ሕገ መንግሥቱም ተጠቅሶበታል፣ ከፈረሙት ውስጥ ግን አንድም ተወዳዳሪ አልነበረም። ተመለሰ። የሚገርመው ፈተናውን ተፈትኖ የወደቀው ልጅ እዚያው ሰፈር ነው የሚኖረው፣ ፈርም ያለው ሰው አልነበረም።

ሕጉ ሲፈልግ በሩን ይከፍታል። የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ 300/1995 ለምሳሌ ጥቅሜ ተነካ ማለት ሳያስፈልግ ማንም እንዲከስ ይፈቅዳል። ለቅጥር ግን እንደዚያ ያለ ነገር አላየሁም። ያለህ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ነው። ማኅበር ለአባላቱ፣ ወይም ተመሳሳይ ጥቅም ካላቸው ሰዎች አንዱ ለቡድኑ ፍትሕ መጠየቅ ይችላል። ይሄ ማለት አብረው የተፈተኑ ልጆች አንድ ላይ መቆም ይችላሉ። እኔ ብሆን የምይዘው ይህንን ነው።

የኬንያውን እውነት ብለሃል። የ2010 (በፈረንጆቹ) ሕገ መንግሥታቸው ማንም ለሕዝብ ጥቅም እንዲከስ ፈቅዷል፣ በ2023ም ከፍተኛ ፍርድ ቤታቸው ፕሬዚዳንቱ የሾሟቸውን የ50 ከፍተኛ ሹመኞች ሹመት ሕገ መንግሥቱን የሚጥስ ነው ብሎ ሽሮታል። ሕንድ ግን እንዳሰብከው አይደለም። ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው የመንግሥት ሠራተኛ ጉዳይ በሕዝብ ጥቅም ክስ አይታይም ብሎ ደጋግሞ ወስኗል። የሚያልፈው «ይሄ ሰው በየትኛው ሕግ ነው እዚህ ወንበር ላይ የተቀመጠው?» የሚለው ጥያቄ ነው። በ2011 የፀረ ሙስና ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤታቸው ኃላፊ ሹመት የተሻረው እንደዚያ ባለ ክስ ነው።

አሁን ወደ እኛ ወረዳ። መጀመሪያ የምታወራው ስለ ቅጥር ነው ወይስ ስለ ሹመት? የጽሕፈት ቤት ኃላፊነት የፖለቲካ ሹመት ነው፣ በፈተና አይሞላም፣ እሱን ይዘህ አትድከም። ባለሙያ፣ ሒሳብ ሠራተኛ፣ ጸሐፊ ከሆነ ግን ማስታወቂያ አለ፣ ምዝገባ አለ፣ ፈተና አለ፣ ቃለ ጉባኤ አለ። ነገሩ የሚበላሸው ብዙ ጊዜ ቃለ መጠይቁ ላይ ነው። በጽሑፍ ፈተና አንደኛ የወጣችው በቃለ መጠይቅ ሦስተኛ ትሆናለች፣ ለምን ስትል «ቦርዱ ነው የወሰነው» ትባላለች።

አንዲት ከቆላ የመጣች ልጅ እንዲህ ሆነባት። ቁምነገረኛ ልጅ ናት፣ የጽሑፍ ፈተናው ውጤት ሰሌዳ ላይ የተለጠፈ ዕለት በስልኳ ፎቶ አንስታው ነበር። በማግስቱ ወረቀቱ ተነስቷል። እኛ ኮሚቴው የቃለ መጠይቁን ነጥብ መስጫ ስናስመጣ የአራቱም ፈታኞች ነጥብ በአንድ እጅ ጽሑፍ ተሞልቶ አገኘነው፤ ፊርማውም የሁለቱ ብቻ ነው። ፈተናው እንዲደገም ተወሰነ። ያ ፎቶ ባይኖር የእሷን ቃል ማን ያምናት ነበር? ብዙ እውነተኛ ቅሬታ በወረቀት እጦት ሲሞት አይቻለሁ፣ ሰዎቻችን ደግሞ ማልቀስ እንጂ ማስረጃ መያዝ አንወድም።

ቅሬታው መጀመሪያ እዚያው መሥሪያ ቤት በጽሑፍ ይግባ፣ ከዚያ ነው ወደ ላይ የሚኬደው። ቀጥታ ፍርድ ቤት የሄደ «መጀመሪያ እዚያ ጨርስ» ይባላል። የቅሬታ ጊዜው አጭር ነው፣ የሰው ሀብቱ «ነገ ና» እያለ ቀኑን ያሳልፍብሃል። ማመልከቻውን ሁለት ኮፒ አድርገህ አንዱ ላይ መዝገብ ቤት ቁጥርና ማህተም አስመታ። የፌዴራል አዋጅ ቁጥር አትደርድር፣ 1183/2012 (የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጁ) የሚመለከተው የፌዴራል መሥሪያ ቤቶችን ነው፣ ወረዳው የክልል ነው።

ምንም ተወዳዳሪ ካላገኘህ እንባ ጠባቂና ፀረ ሙስና አሉ። እዚያ የሌላ ሰው በደል ይዘህ መሄድ ትችላለህ። እንባ ጠባቂ የሚሰጠው ምክረ ሐሳብ ነው፣ እንደ ፍርድ ቤት አያስገድድም፣ ግን ደብዳቤው ሲመጣ አለቆች ደንገጥ ይላሉ።

ለመሆኑ አንተ ራስህ ተመዝግበህ ነበር? ጥያቄህ ላይ አልጻፍከውም። ከተመዘገብክ ቁጥርህንና ማስታወቂያው የወጣበትን ቀን ይዘህ በውስጥ መስመር ጻፍልኝ።