«ስሜ ተለጥፏል፣ ምደባው ግን የለም»

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። ደቡብ ወሎ ነው የምኖረው። በሒሳብ ተመርቄ፣ ባለፈው ዓመት ለመምህርነት ተወዳድሬ አለፍኩ። ስሜም ሰሌዳ ላይ ተለጠፈ። ከዚያ ወዲህ 9 ወር ሆነው። ጽሕፈት ቤት ስሄድ መልሱ «ጠብቂ፣ እየታየ ነው» ብቻ ነው። አልከለከሉኝም፣ አልመደቡኝምም። እንዲህ ያለ ነገር ፍርድ ቤት ይታያል? ብከስስስ ቂም ይዘው ጭራሽ ያስቀሩኝ ይሆን?

መልስ፦ አብሽሪ እህቴ። ሊታይ ይችላል፣ ባዶ እጅሽን ካልሄድሽ።

እምቢ ቢሉሽ ምክንያት ይጠየቃሉ፤ ምክንያት ከጻፉ ደግሞ አቤት ይባልባቸዋል። «እየታየ ነው» ግን ማህተም የለውም፣ ቀን የለውም፣ ማንም አልፈረመበትም። ስለዚህ መጀመሪያ ይህን ዝምታ ወረቀት ላይ ማውጣት ነው። ማመልከቻሽን በሁለት ቅጂ ጻፊ። መቼ እንደተወዳደርሽ፣ መቼ እንደተለጠፈ፣ ምን እንደምትጠይቂ አስቀምጪና ለባለሙያው በእጁ ሳይሆን ለመዝገብ ቤት ስጪ። የገቢ ቁጥርና ቀን በአንቺ ቅጂም ላይ ይመታ።

ይህን አጥብቄ የምልሽ ስለደረሰብኝ ነው። መምህር ሳለሁ የዝውውር ማመልከቻዬን ለአንድ ባለሙያ በእጁ ሰጥቼ፣ ስንት ወር ስመላለስ ከረምኩ። እሱ ተቀየረ። አዲሱ መሳቢያውን ከፍቶ ወረቀቱን ሁሉ አገላበጠና «የአንቺ የሚባል የለም» አለኝ። ሌላ ቅጂ አልነበረኝም። እንደገና ከዜሮ ጀመርኩ።

የተለጠፈውን ዝርዝርስ ፎቶ አንስተሽዋል? ካላነሳሽ የተረጋገጠ ቅጂ ጠይቂ፤ ሰሌዳ ላይ ያለ ወረቀት ዝናብና ፀሐይ ይበላዋል። በዚያው ዝርዝር ከአንቺ በታች ሆኖ ቀድሞ የተመደበ ሰው ካለም እወቂ። ያ ከተገኘ ነገሩ መዘግየት ብቻ መሆኑ ይቀራል፣ አድልዎም ይገባበታል።

መልስ ካጣሽ ለመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ በጽሑፍ አቅርቢ። ይህን በር ዘለሽ ብትሄጂ «መጀመሪያ እዚያ ጨርሺ» ተብለሽ መመለስሽ አይቀርም። ቀጥሎ እንባ ጠባቂ አለ። ሥራው የአስተዳደር በደልን መመርመር ነው፣ መጓተትም ከዚያው ነው። የሚሰጠው የመፍትሔ ሐሳብ ነው እንጂ ፍርድ አይደለም። ፍርድ ቤት የተያዘ ጉዳይ ደግሞ ስለማያይ፣ የምትሄጂ ከሆነ ክስ ሳትከፍቺ ሂጂ።

ወደ ፍርድ ቤቱ ስንመጣ፣ ብዙ ሰው የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012ን ይጠቅሳል። ጥሩ አዋጅ ነው፤ ግን ለፌዴራል መሥሪያ ቤቶች የወጣ ነው። የአንቺ ቀጣሪ የክልል ነው። ስለዚህ የክልሉን የመንግሥት ሠራተኞች ሕግና የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 37 ያዢ። አንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ለተሰጠው ሌላ አካል የማቅረብ መብት ለማንኛውም ሰው ይሰጣል። የመንግሥት ሠራተኞችን አቤቱታ የሚሰማው የሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት የሚያየው በሕግ የተዘረዘረለትን ጉዳይ ስለሆነ፣ አንቺ ደግሞ ገና ስላልተቀጠርሽ፣ የኛ አይደለም ሊሉሽ ይችላሉ። እንዲያ ካሉ በጽሑፍ ይስጡሽ።

አንድ ነገር ግን እንዳትሳሳቺ። ዳኛ የምደባ ደብዳቤ አይጽፍልሽም። ማን የት ይመደብ የሚለው የትምህርት መሥሪያ ቤቱ ሥራ ነው። ከፍርድ ቤት የምትጠይቂው «በዚህ ቀን ውስጥ ወስኑ፣ ምክንያቱንም ጻፉ» የሚል ትእዛዝ ነው። «በጀት የለም» ካሉም በወረቀት ይበሉት፤ ያኔ የምትከራከሪበት ነገር ይኖርሻል። «ምደባ ይሰጠኝ» ብቻ ብለሽ ብትገቢ ግን ሥልጣናችን አይደለም ተብለሽ ልትወጪ ትችያለሽ።

የቂሙን ነገር አልዋሽሽም፣ ያጋጥማል። ግን እኮ 9 ወር ሙሉ ማንንም ሳትከሺ ነው የቀረሽው። ቁጥርና ቀን ያለው ማመልከቻ ካለሽ በኋላ ቢበቀሉሽ፣ በቀሉ ራሱ ማስረጃ ይሆንልሻል። ሰኞ ጠዋት መዝገብ ቤት ሂጂ፤ ማህተም ያረፈበትን ቅጂ ቤት አስቀምጪ፣ ፎቶውንም ለምታምኚው ሰው ላኪ።