መሪውን ራስህ ለመፍታት ካሰብክ፦ ስፓይራሉ እንዳይዞርብህ

ሰላም ወንድሜ፣ ጥያቄህን አነበብኩት። 2003 ቶዮታ ቪትዝ አለህ። ክላክሱ ሞቷል፣ የኤርባጉ መብራትም በርቶ አልጠፋም ብሏል። ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ግቢ ውስጥ መሪውን ራስህ ፈትተህ ልታየው አስበሃል፣ «አደጋ አለው ወይ?» ብለህ ጠይቀሃል። አለው። ግን ይቻላል። እኔ ቱሉ ዲምቱ ነው የምኖረው። የእኔም ቪትዝ ናት፣ ችግሬም ልክ ያንተው ነበር። ብዙ ሰው «ጋራዥ ውሰደው» ብሎ ሲመልስልህ ሳይ ዝም ማለት አልቻልኩም። እኔ ጋራዥ ወስጄ ነው እኮ የተቃጠልኩት።

ፊውዙንና ሪሌውን አይተሃል ብዬ ልለፍ። ክላክስና ኤርባግ አንድ ላይ ከጠፉ ጥፋተኛው አብዛኛውን ጊዜ ስፓይራሉ ነው። መሪው ጀርባ የሚቀመጥ ጥቁር ክብ ፕላስቲክ ነው። የክላክሱም የኤርባጉም ኤሌክትሪክ በሱ ውስጥ ነው የሚያልፈው። የእኔ ከሞተ በኋላ ከፍቼ አይቼዋለሁ። ውስጡ ጠፍጣፋና ስስ ኬብል አለ፣ የልብስ ሰፊ ሜትር ሲጠቀለል እንደሚሆነው ተጠምጥሞ የተቀመጠ። መሪውን ስታዞር በአንዱ በኩል ይጠብቃል፣ በሌላው ይላላል። የእኔ አንድ ቦታ ላይ ታጥፎ ተበጥሷል። መዳብ መዳብ የሚሉ ክሮቹ ጫፉ ላይ እንደ ፀጉር ተበትነው ነበር። ይቺ ስስ ነገር ናት ሁለት ወር ያንከራተተችኝ።

ነገሩ የጀመረው ለቦሎ ምርመራ ስሄድ ነው። ከጠዋቱ 1 ሰዓት ጀምሮ ተሰልፌ 5 ሰዓት ላይ ተራዬ ደረሰ። ሰውዬው ክላክስ አድርግ አለኝ፣ አደረግኩ፣ ዝም። ወረቀቴን በመስኮቱ ወረወረልኝና «የማይጮህ መኪና ይዘህ ሰው ታስለፋለህ?» አለኝ። ከኋላዬ የቆመው ሁሉ ሰማ። ክላክስ ከሌለ ማለፍ እንደሌለበት አውቃለሁ፣ እሱ ትክክል ነው። ግን ሰው እንዲህ አይነገርም። በዚያ ንዴት ነው ሳልጠይቅ ሳላጣራ መንገድ ዳር ያገኘሁት ጋራዥ የገባሁት።

አሁን በቅደም ተከተል ልንገርህ።

1ኛ፦ ባትሪ። የፊት ጎማዎቹን ቀጥ አድርገህ አቁም፣ ቁልፉን አውጣ፣ ከዚያ የባትሪውን ኔጋቲቭ በ10 ቁልፍ ፈትተህ ወደ ጎን አርቀው። ተመልሶ እንዳይነካ ጫፉን በጨርቅ ጠቅልለው። ከዚያ ጠብቅ። የኤርባጉ ኮምፒውተር ውስጥ ካፓሲተር አለ፣ ባትሪው ቢፈታም ለጥቂት ጊዜ ኤሌክትሪክ ይይዛል። በግጭት ጊዜ ባትሪው ቢቆረጥ እንኳ ኤርባጉ እንዲፈነዳ ሆን ተብሎ ነው እንዲህ የተሠራው። ቶዮታ ቢያንስ 90 ሰከንድ ይላል፣ ሆንዳ 3 ደቂቃ ይላል። እኔ ግማሽ ሰዓት ነው የምጠብቀው። ቡና ጠጣ፣ መሣሪያህን ደርድር፣ አትቸኩል።

2ኛ፦ ኤርባጉ። በቪትዛችን መሪ ግራና ቀኝ ጎን ትናንሽ የፕላስቲክ ክዳኖች አሉ። በቀጭን ካቻቪቴ ቀስ ብለህ አንሳቸው። ከውስጥ ኮከብ ራስ ያላቸው ብሎኖች ታገኛለህ። ቲ 30 የሚባለው ኮከብ ቡሾላ ነው የሚገባባቸው። በሌላ ነገር ከታገልካቸው ራሳቸው ይበላና በቃ፣ ቀኑ እዚያው አለቀ። ሲላሉ ኤርባጉ ወደ አንተ ይመጣል። አትጎትተው፣ ከጀርባው ሽቦ አለ። ቢጫውን ሶኬት መጀመሪያ መቆለፊያውን አንስተህ አውጣው። መኪና ውስጥ ቢጫ ሶኬትና ቢጫ ሽቦ ካየህ የኤርባግ ነው፣ እጅህን ሰብስብ።

ኤርባጉን ስትሸከም ፊቱን ከሰውነትህ አርቀህ ያዝ። ስታስቀምጠው ፊቱ፣ ማለት አርማው ያለበት ጎን፣ ወደ ላይ ይሁን። ገልብጠህ ካስቀመጥከውና ቢፈነዳ ራሱ እንደ ድንጋይ ተወርውሮ ይመጣል። ልጆች የማይደርሱበት፣ ፀሐይ የማያቃጥለው ክፍል ውስጥ አስገባውና በሩን ዝጋ።

አንድ ነገር ደግሞ አደራ እልሃለሁ። በዚያ ቢጫ ሶኬት ላይ ቴስተር እንዳታደርግ። አምፖል የታሰረበትን መሞከሪያ ሽቦም እንዳታስጠጋ። ኤርባጉን የሚያፈነዳው በጣም ትንሽ ኤሌክትሪክ ነው፣ ኦም የሚለካው መሣሪያ ራሱ ሊበቃው ይችላል። ይሄን የምልህ በዓይኔ ስላየሁ ነው። እዚያ ጋራዥ የኤሌክትሪክ ባለሙያ የተባለው ልጅ ባትሪውን እንኳ ሳይፈታ፣ ፊቱን መሪው ላይ ደፍቶ፣ አምፖሏን ሊያስጠጋ ሲል ባትሪውን እንዲፈታ ነገርኩት። «አባቴ፣ አንተ ወጥተህ ሻይ ጠጣ» አለኝ። ያን ቀን እግዚአብሔር ነው ያተረፈው። የልጁ እናት ታሳዝነኛለች፣ ምን ታውቃለች።

3ኛ፦ ዳዶውና መሪው። መሪውን የያዘው መሀል ላይ ያለው የ19 ዳዶ ነው። ከመፍታትህ በፊት መሪውና ዘንጉ የሚገናኙበት ላይ በነጭ ቀለም ወይም በጥፍር ቀለም አንድ መስመር አስምር። ዘንጉ ጥርስ አለው፣ አንድ ጥርስ ካሳሳትክ መኪናዋ ቀጥ ስትል መሪው ተጣሞ ይቀራል። ዳዶውን ስትፈታ መሪውን በሌላ እጅህ አጥብቀህ ያዝ፣ ወይም ሰው ይያዝልህ። በመሪ መቆለፊያው ላይ አትመካ፣ ይሰበራል። ሲላላ ደግሞ ሙሉ በሙሉ አታውጣው። ሦስት አራት ዙር ብቻ አላልተህ ተወው። አለበለዚያ መሪው ድንገት ሲለቅ አፍህን ይመታሃል።

አንዳንዱ መሪ ግራ ቀኝ እያልክ ስትነቀንቀው ይወጣል። የማይወጣ ከሆነ ፑለር፣ ማለት መሪውን ስቦ የሚያወጣ መሣሪያ ነው የሚያስፈልግህ። ዳዶው ጎን ሁለት ክር ያላቸው ቀዳዳዎች አሉ፣ የፑለሩ የ8 ብሎኖች እዚያ ይገባሉ። አምስት ስድስት ክር ካስገባህ ይበቃል። ብዙ ካስገባህ ከጀርባ ያለውን ስፓይራል ይወጋሉ። እኔ ፑለሩን ምናለሽ ተራ ነው ያገኘሁት፣ ያገለገለ። አጥብቄ አጥብቄ በመጨረሻ «ጧ» ብሎ ሲለቅ የተሰማኝን ደስታ አልረሳውም።

መዶሻ ግን በጭራሽ። የመሪው ዘንግ በግጭት ጊዜ ደረትህን እንዳይወጋህ ወደ ውስጥ እንዲሰበሰብ ነው የተሠራው። ለዚህም ተብሎ ውስጡ በቀላሉ የሚቆረጡ ነገሮች አሉበት። ከላይ በመዶሻ ስትመታው እነሱን ነው የምትሰብረው። ያ ጋራዥ ያደረገው ይሄንኑ ነው። ሻይ ጠጥቼ ስመለስ ረዳቱ ልጅ መሪውን በጉልበቱ ወደ ላይ እየገፋ ዘንጉን በመዶሻ ይደበድበዋል። ጮህኩ። «ሁሉም እንዲህ ነው የሚወጣው» አሉኝ። አወጡት፣ «ስፓይራሉ ደህና ነው» ብለው መልሰው ገጠሙት፣ ክላክሱም አልሠራ። 3,000 ብር ተቀበሉኝ። በሳምንቱ መሪው ስይዘው ወደ ላይና ወደ ታች መንቀሳቀስ ጀመረ። ዘንጉ ሙሉ ተቀየረ። ሶማሌ ተራ ያገለገለ ለማግኘት ሦስት ቀን ከሥራ ቀርቼ ተመላልሻለሁ። ከቱሉ ዲምቱ መርካቶ ሦስቴ መመላለስ ምን እንደሆነ አንተ ታውቀዋለህ። ተመልሼ ሄጄ ስነግራቸው «ስትመጣም እንደዚህ ነበር» አሉኝ። አላለቀስኩም እንጂ ልቤ ደምቷል።

ከዚያ በኋላ ነው ራሴ እማራለሁ ያልኩት። ያገለገለ ስፓይራል በ4,500 ብር ገዛሁ። ባትሪውን ፈታሁ፣ ጠበቅኩ፣ ኤርባጉን አወጣሁ፣ ምልክት አደረግኩ፣ መሪው በፑለር ወጣ። ሁሉም ነገር በሥርዓቱ። አሁን ስማኝ፣ ከሁሉም በላይ እንድትይዝልኝ የምፈልገው ይሄን ነው።

አዲሱን ስፓይራል የመኪናዋ ኮፈን ላይ አስቀምጬ አሮጌውን ልፈታ ጎንበስ አልኩ። ልጄ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነው፣ «አባ ልርዳህ» ብሎ አጠገቤ ቆሟል። ቀና ስል ስፓይራሉን ይዞ መሀሉን ጣቱ ላይ እያሽከረከረው ነው። ሲዞር ሽር ሽር የሚል ደስ የሚል ድምፅ አለው፣ ማንም ልጅ ያዞረዋል። ልጁ ምንም አላጠፋም። ጥፋቱ የእኔ ነው፣ አላሰርኩትም፣ ስንት ዙር እንደዞረም አልጠየቅኩትም። ተቀበልኩትና እንዳለ ገጠምኩት። ክላክሱ ጮኸ። የኤርባጉ መብራት ቁልፉን ስከፍት በራ፣ ስድስት ሰከንድ ያህል ቆይቶ ጠፋ። ባለቤቴ ከበረንዳ ሆና አጨበጨበችልኝ። ጎረቤቶችም ወጡ። እንደዚያ ቀን ኮርቼ አላውቅም።

ማግስቱ ጠዋት ግቢ ውስጥ መኪናዋን ላዞር መሪውን እስከ መጨረሻው ወደ ቀኝ ጠመዘዝኩ። ከመሪው ውስጥ «ጥቅ» የሚል ድምፅ ሰማሁ። ትንሽ ድምፅ ናት፣ ደረቅ እንጨት ስትሰበር የሚሰማው አይነት። ዳሽቦርዱ ላይ ቀዩ የኤርባግ መብራት ቦግ አለ። ክላክስ ነካሁ፣ ዝም። 4,500 ብሩ በአንድ ቀን ሄደ።

ምክንያቱ ይሄ ነው። የቶዮታ ስፓይራል ከመሀል ወደ ግራም ወደ ቀኝም ሁለት ተኩል ዙር ያህል ይሄዳል። መሪው ደግሞ ከመሀል ወደ አንድ ጎን እስከ መጨረሻው አንድ ተኩል ዙር ገደማ ነው የሚዞረው። ስለዚህ ስፓይራሉ መሀል ላይ ከተገጠመ በሁለቱም በኩል ትርፍ አለው። ሁለት ዙር ስቶ ከተገጠመ ግን በአንዱ በኩል ግማሽ ዙር ብቻ ይቀረዋል። መሪውን ስትጠመዝዝ ኬብሉ ይወጠርና ይበጠሳል። በየመንገዱ ቀጥ ብለህ ስትነዳ ምንም አይልህም፣ የሚበጥሰው ስታቆም ወይም ስታዞር ነው።

ስለዚህ መሪው እንደወጣ ሌላ ምንም ከመንካትህ በፊት ስፓይራሉን በናስትሮ እሰረው፣ እንዳይላወስ። አዲስ ከገዛህ መቆለፊያ ፒን ወይም ልጥፍ ይዞ ይመጣል፣ ገጥመህ ሳትጨርስ እንዳታወጣው። ያገለገለ ከገዛህ ግን ሻጩም ሌላውም ስንቴ እንዳዞረው አታውቅም፣ እመነኝ፣ ዞሯል። መሀሉን ራስህ ፈልገው። ከፊት እያየኸው ወደ ግራ፣ ማለት ከሰዓት አቅጣጫ በተቃራኒ፣ ቀስ ብለህ በጣትህ አዙረው፣ ሲጠነክርብህ አቁም። አታስገድደው። ከዚያ ወደ ቀኝ ሁለት ተኩል ዙር ያህል መልሰው፣ ቀዩ ምልክት ከሌላው ምልክት ጋር ፊት ለፊት እስኪገጥም። እዚያ ላይ ናስትሮ አድርግበት። የፊት ጎማዎቹም ቀጥ ማለታቸውን እንደገና እይ። ሁለተኛውን ስፓይራል እንዲህ ነው የገጠምኩት፣ ይኸው ዓመት ከሦስት ወር ሆነው፣ ቦሎም አልፋለች።

መግጠሙ የመፍታቱ ግልባጭ ነው፣ ብዙ አልልህም። ናስትሮውን አንሳ፣ ምልክትህን አገናኝተህ መሪውን አስገባ። ዳዶውን በቶርክ ቁልፍ፣ ማለት የምታጠብቅበትን ጉልበት በሚለካው ቁልፍ አጥብቅ። በአብዛኞቹ የዘመኑ ቶዮታዎች 50 ኒውተን ሜትር ነው። ቶርክ ቁልፍ ከሌለህ ተዋስ፣ እዚህ ላይ በግምት አትሂድ። መጠኑን እንድታውቀው ያህል፣ 20 ሳንቲሜትር እጀታ ጫፍ ላይ 25 ኪሎ የሚያህል ጉልበት ማለት ነው። የኤርባጉን ቢጫ ሶኬት «ቀጭ» እስኪል ግፋው፣ መቆለፊያውን መልስ። ባትሪውን ስታገናኝ መኪና ውስጥ ማንም አይኑር። ቁልፉን መጀመሪያ ስትከፍት በመስኮቱ በኩል እጅህን አስገብተህ፣ ፊትህ መሪው ፊት ሳይሆን ክፈት።

አንድ ነገር ልረሳ ነበር። የእኔ ከጃፓን በቀኝ መሪ መጥታ ወደ ግራ የዞረች ናት። መሪው ሥር ቢጫዎቹ ሽቦዎች ተቆርጠውና ተቀጥለው በናስትሮ ተጠቅልለው ነበር፣ ላዩ ላይ አቧራ ጠጥቶ ተለጥፏል። ያንተም የዞረች ከሆነች መጀመሪያ በባትሪ መብራት እሱን እይ። እንዲህ የተቀጠለ ካገኘህ ራስህ አትንካው፣ ኤርባግ የሚያውቅ የኤሌክትሪክ ባለሙያ ያስተካክልልህ። እኔም ያን አልነካሁትም።

ፑለሩንና ቲ 30 ቡሾላውን ግዛ አልልህም፣ የእኔን አውስሃለሁ። ከኮዬ ፈጬ እዚህ ሩቅ አይደለም። እሁድ ከቀኑ 8 ሰዓት በኋላ ቤት ነኝ፣ በውስጥ ጻፍልኝ። ናስትሮ ግን ይዘህ ና፣ የእኔ አልቋል።