ሰላጣው ለምን ይጠወልጋል? በሰናፍጭና በቃሪያ ስለሚሠራው ማጣፈጫ ለጠየቅሽው

እህቴ፣ ጥያቄሽን ማታ አነበብኩት። መጠኑን በግምት ነግሬሽ እንዳላሳስትሽ ብዬ ዛሬ ሰላጣውን እየሠራሁ ነው የምመልስልሽ። ያልሽው ይህ ነው፤ በፍልሰታ አማትሽ ከዘመዶቻቸው ጋር ይመጣሉ፣ ሰላጣ ስትሠሪ ግን ማዕዱ ሳይቀርብ ይጠወልግብሻል፣ ከሥሩም ውሃ ያቁራል። ማጣፈጫው፣ ድሬሲንግ የምንለው፣ ዘይቱ ለብቻው ይንሳፈፋል። ቃሪያ ስታበዢበት ደግሞ አንዱ ጉርሻ አፍ ይለበልባል፣ ሌላው ምንም አይልም።

የጾም ምግብ በሚሸጥበት ትንሽ ቤት 7 ዓመት ሠርቻለሁ፤ ሰላጣው የኔ ኃላፊነት ነበር። ካነሳሻቸው ውስጥ መጠውለጉና መለያየቱ አንድ ችግር ናቸው፤ ዘይቱ ከሎሚው ጋር አለመዋሐዱ ነው። የማቃጠሉ አለመስተካከል ደግሞ ቃሪያውን በቢላ ከትፈሽ ስለጨመርሽ ይመስለኛል። እነዚህ ሲስተካከሉ ሌላው ቀላል ነው።

ገና ጀማሪ ሳለሁ ለጽዋ ማኅበር የ40 ሰው ምግብ ታዘዘ፤ ወቅቱም ይኸው ፍልሰታ ነበር። ሥራ እንዳይደራረብብኝ ብዬ 5 ሰዓት ላይ ሰላጣውን ከነማጣፈጫው ለወስኩት። ሰዉ ከቅዳሴ ወጥቶ የተቀመጠው ከ9 ሰዓት በኋላ ነው። ክዳኑን ስከፍት ቅጠሉ ጠቁሮ ተኝቷል፤ ከሥሩ የቲማቲምና የሎሚ ውሃ ሞልቶታል። እንጀራው ላይ ሳወጣው እንጀራውንም አራሰው። እነዚያ ሰዎች ሲጾሙ ውለው የመጡ ናቸው፤ እስከ ዛሬ ያሳዝነኛል። ከዚያ ቀን በኋላ ቅጠልና ማጣፈጫ የማገናኘው እጅ መታጠቢያው ሲዞር ብቻ ነው።

አሁን ወደ ሥራው። ነሐሴ ላይ ሰላጣ ስትገዪ አስቢበት፤ ዝናቡ አፈሩን እየረጨ እስከ ቅጠሉ መጋጠሚያ ድረስ ያስገባዋል። ቅጠሉ ረዘም ያለውን፣ መሃሉ ላይ ነጭ አጥንት ያለውን ምረጪ፤ ማጣፈጫ የሚችለው እሱ ነው። የተጨማደደው ለስላሳ ቅጠል ያምራል፣ ግን ቶሎ ይሞታል። ሁለት መካከለኛ ሰላጣ ለአምስት ሰው ይበቃል።

አጠባቡ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ቸል ሊባል የማይገባው እሱ ነው። አዲስ አበባ ላይ ከምንበላው ቅጠላ ቅጠል ጥቂት የማይባለው በአቃቂ ወንዝ ዳር፣ በዚያው በተበከለ ውሃ የሚለማ ነው። ብዙዎቻችን ሰላጣውን አቼቶ ጠብ ያለበት ውሃ ውስጥ ነክረን ስናወጣው የጸዳ ይመስለናል። አቼቶ አንዳንድ ጀርም ይቀንሳል እንጂ የወስፋት እንቁላል በቀላሉ አይበገርለትም፤ ለክሎሪንም ቢሆን አይበገርም። እሱን የሚያነሳው የሚፈስ ውሃና ጣት ነው። ስለዚህ ሰላጣውን ከነራሱ አትንከሪ። ቅጠል በቅጠል ገንጥለሽ፣ እያንዳንዱን በሚወርድ ውሃ ሥር ሁለቱንም ገጽ፣ በተለይ አፈር የሚያዝበትን የታችኛውን ጫፍ በጣትሽ እሺው። ከዚያ በኋላ ውሃ አጋር (የመጠጥ ውሃ ማከሚያ ክሎሪን) ጠርሙሱ ላይ በተጻፈው መጠን ጨምረሽ ዘፍዝፊው፤ በመጨረሻ በንጹሕ ውሃ አለቅልቂው። ጠውልጎ የመጣ ቅጠል ካለ በጣም ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ 20 ደቂቃ አቆዪው፤ ውሃውን ጠጥቶ ቀጥ ይላል።

ከዚያ ማድረቅ። ወንፊት ላይ አንጠፍጥፎ መተው አይበቃም። ቅጠሉ ላይ የቀረው ውሃ ማጣፈጫውን ያንሸራትተዋል፤ ዘይትና ሎሚው ቅጠሉን ሳይዙ ከሥር ይጠራቀማሉ። እኔ የማደርገው፣ ንጹሕ የጥጥ ጨርቅ ዘርግቼ ቅጠሉን በስሱ እበትንበትና አራቱን ጫፍ ሰብስቤ ይዤ ደጅ ወጥቼ አወዛውዘዋለሁ፤ ውሃው ወደ ጨርቁ ይሄዳል። አንድ ጊዜ ጨርቅ ቀይሬ እደግመዋለሁ። ከዚያ በደረቅ ጨርቅ ጠቅልዬ ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጠዋለሁ። ይህን ጠዋት ብትጨርሺው እስከ ማታ ምንም አይሆንም፤ ቅጠሉ እንዲያውም ይጠነክራል። ቀድመሽ መሥራት የምትችዪው ይህንን ነው።

ማጣፈጫው ላይ የኔ እምነት ሰናፍጭ ነው። ፍልሰታም ስለሆነ እንቁላልና ማዮኔዝ አይገባም፤ ባይጾምም ግን ሰናፍጩን አልተውም ነበር። ፍሬውን ስትገዪ ከጎመን ዘር ጋር እንዳይምታታብሽ። ጎመን ዘር ምጣድ የምናስስበት ነው። ሰናፍጭ ከሱ ደቀቅና ጠቆር ይላል። 

ደረቁ ፍሬ አይሰነፍጥም። ስንፈጣው የሚመጣው ፍሬው ተደቁሶ ውሃ ሲያገኝ ነው፤ ውሃውም ቀዝቃዛ መሆን አለበት። በሙቅ ውሃ ስታቦኪው ስንፈጣውን የሚሠራው ኢንዛይም ይሞትና ምሬት ብቻ ይቀርሻል። ሎሚም ከመጀመሪያው ከገባበት ሥራውን ያስተጓጉለዋል። ስለዚህ ሁለት የሻይ ማንኪያ ሰናፍጭ ለቅመሽ በሙቀጫ አድቅቂ፣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ቀዝቃዛ ውሃ ጨምረሽ አሺው፣ ከድነሽም 10 ደቂቃ ተዪው። ሎሚው የሚገባው ከዚያ በኋላ ነው፤ ያን ጊዜ የወጣውን ስንፈጣ እንዳይበንን ይይዝልሻል። ለእንጀራ ማባያ የሚሆነውን ሰናፍጭ ስንሠራ ገለባውን እንነፋለን፤ ለሰላጣ ግን አልነፋውም። የደቀቀው ገለባ ውሃ ሲነካው እንደ ተልባ ትንሽ ይዝለገለጋል፤ ዘይቱንና ሎሚውን አያይዞ የሚያቆመው እሱ ነው። ዘይትሽ የሚንሳፈፈው እንዲህ ያለ አስታራቂ ስለሌለው ነው።

ሰናፍጩ ተከድኖ ሳለ ቃሪያውን ያዢ። የሚያቃጥለው ፍሬው ነው እንላለን፤ ዋናው መለብለቢያ ግን ፍሬው የተጣበቀበት ነጩ ጅማት ነው። ሁለት ቃሪያ ውሰጂ፤ ከአንዱ ጅማቱን አውጪ፣ የአንዱን ተዪው። አማትሽ የሚያቃጥል ከወደዱ የሁለቱንም ተዪ። ከአንድ ፍንካች ነጭ ሽንኩርትና ከግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ጋር በሙቀጫ እስኪልም ውቀጪው። ጨው አብሮ መግባቱ ቁም ነገር አለው፤ እንደ አሸዋ ሆኖ ቃሪያውን ያደቀዋል፣ ጭማቂውንም ያወጣዋል። እንዲህ የላመ ቃሪያ ማጣፈጫው ውስጥ እኩል ይሰራጫል። በቢላ የተከተፈ ግን ለአንዱ እንግዳ ይደርሰዋል፣ ለሌላው አይደርሰውም። በሶብላ ካለሽ ሁለት ሦስት ቅጠል አብረሽ ውቀጪ፤ ሽታው ከሎሚ ጋር ሲገናኝ ደስ ይላል። ሚጥሚጣ ግን አልመክርሽም፤ ቅጠሉን ያቀላዋል፣ አረንጓዴ የመሆኑንም ነገር ያጠፋዋል።

አሁን የተወቀጠውን ከሰናፍጩ ጋር ለውሺና ሦስት የሾርባ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂ ጨምሪ፤ ሎሚው ትንንሽ ከሆነ ሁለት ወይም ሦስት ይፈልጋል። ከዚያ ስድስት የሾርባ ማንኪያ ዘይት። የመጀመሪያውን ማንኪያ በጠብታ እያወረድሽ በሹካ ምቺው፤ ሲወፍርና ነጣ ሲል የቀረውን በቀጭኑ አፍስሺ። ችኮላ ካለብሽ ሁሉንም ክዳን ባለው ብልቃጥ ውስጥ ከተሽ በደንብ ብትነቀንቂውም ይሆናል፤ የመጀመሪያው ግን ረዘም ላለ ጊዜ ሳይለያይ ይቆያል። በብሌንደር ለመምታት ካሰብሽ የወይራ ዘይት አትጨምሪበት፤ እዚያ ውስጥ ሊመር ይችላል።

የዘይቱ ዓይነት ራሱ ብዙ ሰው የማያስበው ጥፋት አለበት። የሚረጋው የፓልም ዘይት በነሐሴ ብርድ፣ ከፍሪጅ የወጣ ቅጠል ሲነካ ይረጋል፤ ላንቃ ላይ እንደ ሞራ ይቀራል። ኑግ እወዳለሁ፣ ሽታው ግን ሰናፍጩን ይጫነዋል። የሱፍ ዘይት ለዚህ ሥራ ልክ ነው።

አንድ ነገር ደግሞ ራሴ ሞክሬ አይቻለሁ። ቅጠሉን የሚያጠወልገው ሎሚው ይመስለኝ ነበር። አንድ ቀን አንዱን ቅጠል ሎሚ ብቻ፣ አንዱን ዘይት ብቻ ቀብቼ ተውኳቸው። ቀድሞ የጠቆረውና የተኛው ዘይት የተቀባው ነው። ቅጠሉ ከላይ ሰም የመሰለ ስስ ሽፋን አለው፤ ውሃ ይንሸራተትበታል፣ ዘይት ግን ዘልቆ ይገባል። ለብቻው የሚንሳፈፍ ዘይት ያለበት ማጣፈጫ ሰላጣ የሚገድለው ለዚህ ነው፤ ከሎሚው ጋር የተዋሐደ ዘይት ግን ቀስ ይላል። ጥያቄሽ ውስጥ ሁለት ችግር መስለው የታዩሽ ነገሮች አንድ ናቸው ያልኩሽም በዚህ ምክንያት ነው።

ቲማቲም ከፈለግሽ ለሁለት ከፍለሽ ፍሬውንና ውሃውን አውጪ፤ ሥጋውን ብቻ ከትፈሽ ከላይ አድርጊው እንጂ አብረሽ አትለውሺ። ቀይ ሽንኩርቱን በስሱ ቆርጠሽ በጨው አሽተሽ አለቅልቂና ጭመቂው፤ ጠረኑ ይበርድለታል።

ሰዉ ሲቀመጥ ቅጠሉን ሰፊ ሳህን ላይ በእጅሽ በጥሰሽ አራት የሾርባ ማንኪያ ማጣፈጫ አፍስሺበት። ማንኪያ ተዪ፤ በታጠበ እጅ ከሥር ወደ ላይ እያነሳሽ ለውሺው። ሁሉም ቅጠል ካብለጨለጨና ሳህኑ ላይ ምንም ካልተጠራቀመ በቅቷል። የቀረውን በትንሽ ሳህን ለሚጨምር ሰው አቅርቢ። እንጀራው ላይ ስታወጪው በዳር በኩል፣ ሰዉ ቶሎ በሚደርስበት አድርጊው።

ቃሪያው ከበዛበትና እንግዶቹ ከተቃጠሉ ውሃ አታቅርቢላቸው፤ የቃሪያ ማቃጠል በውሃ አይሟሟም፣ በስብ ነው። ጾም ላይ ወተት ስለሌለ ግማሽ አቮካዶ ደፍጥጠሽ ማጣፈጫው ውስጥ ብትለውሺው ወዲያው ያበርደዋል። እኔ አንድ አቮካዶ ሁልጊዜ በተጠባባቂነት አስቀምጣለሁ።

የተረፈው ማጣፈጫ ፍሪጅ ውስጥ ቢበዛ 3 ቀን ይቆይ። ከፍሪጅ ውጪ ግን አታሳድሪው፤ ዘይት ውስጥ ተዘፍዝፎ የሚቆይ ጥሬ ነጭ ሽንኩርት አደገኛ መርዝ የሚፈጥር ባክቴሪያ ሊያበቅል ይችላል፤ ሽታውም ጣዕሙም አይነግርሽም።

ከቀኑ በፊት ትንሽ ሠርተሽ ሞክሪውና ስንፈጣውን ለራስሽ አፍ ለኪው። የሰናፍጩን ክዳን ከ10 ደቂቃ በኋላ ስትከፍቺ ፊትሽን አዙሪ፤ የመጀመሪያው እንፋሎት ዓይን ያስለቅሳል።