የሲልቨር ስፕሪንግ ጣቢያ፦ የትኛው ሐዲድ የማን ነው?

ከዋሽንግተን አጠገብ ሜሪላንድ የምትኖር እህታችን የጠየቀችው ባጭሩ ይህን ነው፦ «ጀርመንታውን አዲስ ሥራ አግኝቻለሁ፤ የምኖረው ሲልቨር ስፕሪንግ ነው። ካርታ ላይ ሳየው ማርክ የሚባለው ባቡር በሁለቱም በኩል ያልፋል። ጆርጂያ አቬኑ ላይ ያለው የጡብ ጣቢያ ብሄድ በሩ ዝግ ነው። ባቡሩ የሚቆመው የት ነው? ጠዋት ጠዋት በሱ መሄድ እችላለሁ ወይ?»

እህቴ፣ በመጀመሪያ እንኳን ደስ ያለሽ። ማርክ፣ ማለትም የሜሪላንድ የሥራ መመላለሻ ባቡር፣ የሚቆመው ከሜትሮው (ከዋሽንግተን የከተማ ባቡር) ጎን ነው። ጠዋት ወደ ጀርመንታውን ግን አይወስድሽም። ነገሩ ግራ የሚያጋባው ጣቢያው በአንድ ጊዜ ስላልተሠራ ነው። አንዱ ሲመጣ ሌላው ላይ እየተደረበ ነው እዚህ የደረሰው። ብዙ ዓመት ከዚያ እየተሳፈርኩ ሥራ ስለሄድኩ ትንሽ ዘርዘር ላድርግልሽ። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ያ ዝግ ቤት የድሮው ጣቢያ ነው። ሐዲዱን የዘረጋው ባልቲሞርና ኦሃዮ የሚባል የባቡር ኩባንያ ሲሆን ከዋሽንግተን ወደ ሰሜን ምዕራብ የሚወጣው መስመር ሥራ የጀመረው በ1873 ነው። ያኔ አካባቢው ገጠር ነበር። የመጀመሪያው ጣቢያ በ1878 ተሠራ። እሱ ፈረሰና በ1945 አሁን ያየሽው የጡብ ቤት በቦታው ተተካ። ዛሬ ባቡር አይቆምበትም፤ አንድ የቅርስ ጥበቃ ማኅበር ወስዶ አድሶታል። አሁን ለድግስና ለስብሰባ ይከራያል። ሲያዩት ያምራል፤ ትኬት ግን አይቆረጥበትም።

አሁን የሚሠራው ጣቢያ ሐዲዱን ተከትለሽ ወደ ሰሜን ትንሽ በእግር ስትሄጂ ኮልስቪል ሮድ ላይ ነው። ባቡሮቹ በመንገዱ ላይ በድልድይ ነው የሚያልፉት። እንደ ሰው ለብሰው ወደ ሥራ የሚጣደፉ ፔንግዊኖች የተሳሉበትን ግድግዳ ካየሽ ደርሰሻል ማለት ነው።

አሁን ከላይ ያለውን አስቢው። አራት ሐዲድ ጎን ለጎን ተዘርግቷል። የመሀሉ ሁለቱ የሜትሮ ናቸው፤ መቆሚያቸውም በሁለቱ መካከል ነው። ዳርና ዳር ያሉት ሁለቱ የሲኤስኤክስ ናቸው፤ የድሮውን ኩባንያ የወረሰው የጭነት ባቡር ድርጅት ነው። ማርክ የሚያልፈው በነዚህ በዳሮቹ ላይ ነው። ስለዚህ የማርክ መቆሚያ ሁለት ነው፤ አንዱ በዚህ፣ አንዱ በዚያ ወገን። በመካከላቸው በእግረኛ ድልድይ ትሻገሪያለሽ።

አዲስ ሰው የሚሸወደው እዚህ ጋ ነው። የሜትሮ መክፈያ የሆነውን ስማርትሪፕ ካርድሽን አስነክተሽ የሜትሮው መቆሚያ ላይ ትወጫለሽ። የማርኩ ባቡር መጥቶ አጠገብሽ ይቆማል። መስኮት ላይ የተቀመጠው ሰው ጋዜጣ ሲገልጥ ሁሉ ይታይሻል። ግን መሻገሪያ የለም። ወርደሽ፣ በማሽኑ ወጥተሽ፣ በውጭ ዞረሽ እስክትደርሺ ባቡሩ ሄዷል። ስማርትሪፕ ማርክ ላይ አይሠራም፤ ትኬቱ ለብቻው ነው።

ሜትሮው ለምን መሀል ገባ? የባቡር መስመር ቀድሞ የተከፈተ ቦታ ስለሆነ የሰው ቤት ሳያፈርሱ ሐዲድ መጨመር ይቻላል። ሬድ ላይን የሚባለው የሜትሮ መስመር በዚሁ መንገድ ሲልቨር ስፕሪንግ የገባው በፌብሩዋሪ 6, 1978 ነው። እስከ 1990 ድረስ የመስመሩ መጨረሻ እዚህ ነበር። ያን ያህል አውቶቡስ እዚህ የሚሰበሰበውም ከዚህ የተነሳ ነው፤ ከላይ የሚመጣው ሰው ሁሉ ባቡር የሚያገኘው እዚህ ነበራ። በ1990 መስመሩ ወደ ዊተን ሲቀጥል ከጭነት ሐዲዱ ተለይቶ መሬት ውስጥ ገባ። ቀጣዩ ጣቢያ ፎረስት ግሌን ከጠቅላላው ሜትሮ ጥልቁ ነው፤ 60 ሜትር ያህል ስለሚወርድ ኤስካሌተር እንኳ የለውም፣ በሊፍት ብቻ ነው።

ለአውቶቡሶቹ የተሠራው ትልቁ ባለ ሦስት ደረጃ ሕንጻ በሟቹ ሴናተር ፖል ሳርቤንስ ስም የተሰየመው ነው። ግንባታው በ2008 ተጀምሮ የተከፈተው በሴፕቴምበር 2015 ነው። ኮንክሪቱ ተሰነጣጥቆ፣ ውፍረቱም አንሶ ተገኝቶ ስንት ዓመት ተጓተተ። እነዚያን ዓመታት የቆየን ሰዎች አውቶቡስ ስንፈልግ በየመንገዱ ስንዞር ነው የከረምነው። አሁን ግን ታችና መካከለኛው ፎቅ የአውቶቡስ፣ ላይኛው የታክሲና ሰው ማድረሻ ነው። ላይ ብትወጪ ተራ የሚጠብቅ ያገር ልጅ አታጪም።

ወደ ጥያቄሽ ልመለስ። የማርክ ብረንስዊክ መስመር የሚሠራው ከሰኞ እስከ ዓርብ ነው። ጠዋት ከማርቲንስበርግ፣ ከፍሬድሪክና ከብረንስዊክ ሰው ጭኖ ወደ ዋሽንግተን ይገባል፤ ከሰዓትና ማታ ይመልሳል። በቃ። ሐዲዱ የሲኤስኤክስ ስለሆነ ማርክ እንግዳ ነው፤ የጭነት ባቡሩ ባለበት መስመር ላይ እንደልቡ ባቡር መጨመር አይችልም። መስመሩ የታሰበው ከዳር ወደ መሀል ለሚሠራ ሰው ነው፤ አንቺ ደግሞ የምትሄጂው በተቃራኒው ነው። የዋሽንግተን ዋናው ባቡር ጣቢያ ዩኒየን ስቴሽን አካባቢ ብትሠሪ ኖሮ ተሳፈሪ እልሽ ነበር፤ ከሲልቨር ስፕሪንግ ቀጣዩ ማቆሚያው ራሱ ዩኒየን ስቴሽን ነው። ሜትሮ እስከዚያ ስድስተኛው ፌርማታ ላይ ነው የሚያደርስሽ።

አንድ ቀን ማርክ ከተሳፈርሽ ግን መስኮቱ ላይ የተለጠፈውን የድንገተኛ መውጫ መመሪያ አንብቢው። በፌብሩዋሪ 16, 1996 ማታ በረዶ እየጣለ አንድ የማርክ ባቡር ከዚህ ጣቢያ ትንሽ ራቅ ብሎ ረጅም ርቀት ከሚሄደው የአምትራክ ባቡር ጋር ተጋጨ። እሳት ተነሳ፤ 11 ሰው ሞተ። ስምንቱ ጆብ ኮር የሚባለው ሥልጠና ላይ የነበሩ ወጣቶች ነበሩ። በሩንና መስኮቱን ከፍቶ መውጣት አስቸግሮ ነበር። የመውጫ ደንቡ የጠበቀው ከዚያ ወዲህ ነው።

«ታዲያ በሜትሮ ሻዲ ግሮቭ ድረስ ልሂድ» እንዳትዪ። ሬድ ላይን ዩ ቅርጽ ነው። ሲልቨር ስፕሪንግ በአንዱ ክንድ፣ ሻዲ ግሮቭ በሌላው ክንድ ጫፍ ነው። ስለዚህ መሀል ዋሽንግተን ወርደሽ እንደገና ትወጫለሽ፤ አንድ ሰዓት ያህል ይበላሻል። ከዚያም ቢሆን ጀርመንታውን ገና ነሽ፤ አውቶቡስ ትጨምሪያለሽ። በኔ እይታ የሚሻለው ከጣቢያው በዚያኛው ክንድ ላይ ወዳለው ቤተስዳ በሚሄደው ሜትሮባስ ተሻግረሽ፣ ከቤተስዳ ሬድ ላይን ይዘሽ ሻዲ ግሮቭ መውረድና ከዚያ ራይድ ኦን በሚባለው የካውንቲው አውቶቡስ ጀርመንታውን መግባት ነው። ራይድ ኦን ከጁን 2025 መጨረሻ ጀምሮ ነጻ ነው። ሁለት ቅያሪ አለው፤ አልዋሽሽም፣ ያደክማል። መሥሪያ ቤትሽ መኪና ያለው ከዚህ ሰፈር የሚመጣ ሰው ካለ የነዳጅ እየተዋጣችሁ መሄዱ ይበልጣል።

ይህ የቤተስዳ መሻገሪያ ራሱ ነው ገና እየተሠራ ባለው ፐርፕል ላይን በሚባል የቀላል ባቡር መስመር የሚተካው። ከቤተስዳ እስከ ኒው ካሮልተን 21 ጣቢያ ይኖረዋል፤ ሲልቨር ስፕሪንግ ላይ ከሜትሮውም ከፍ ብሎ ነው የሚያልፈው። ጣቢያው ጋ ስትደርሺ ቀና ብትዪ የምታይው ረጅም ድልድይ እሱ ነው። ሥራው በ2017 ተጀምሮ፣ በ2020 ዋናው ሥራ ተቋራጭ ጥሎ ወጥቶ፣ እንደገና በሌላ ተጀምሮ ነው እዚህ የደረሰው። ይከፈታል የተባለው በ2027 መጨረሻ አካባቢ ነው። እኔ በሱ ተማምኜ ቤት አልከራይም።

የሥራ ሰዓትሽን አልጻፍሽም። ከሰዓት የምትገቢ ከሆነ ማርክ መሄጃ ይሆንሻል፣ ግን ሌሊት መመለሻ የለውም። የምትገቢበትንና የምትወጪበትን ሰዓት ጻፊልኝና የአውቶቡሱን ቅያሪ አብረን እናያለን።